እንደ ጃንጥላ የሚታጠፍ ጠመንጃ

ባለፈው ወር ጎጃም አጎቴ ጋ ደወልኩ። ሰላምታው፣ የዝናቡ ነገር፣ የማዳበሪያ ዋጋ ካለቀ በኋላ፣ "ጋሼ፣ የሚታጠፍ ጠመንጃ ልገዛ ነው" አልኳቸው።

"ታጣፊ ክላሽ?"

"አይደለም። ሰደፉ አይደለም የሚታጠፈው። ጠመንጃው ራሱ ነው፣ ከወገቡ።"

"ከወገቡ? ጃንጥላ ነው እንዴ?" ብለው ሳቁ። ከዚያ ድምፃቸው ኮስተር አለ። "ለመሆኑ ማን ተጣላህ?"

ማንም እንዳልተጣላኝ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ወረቀት ልመታበት እንደሆነ ነገርኳቸው። "ወረቀት?" አሉ። ከዚያ በላይ ማስረዳት አልቻልኩም።

አልፈርድባቸውም። እኛ ቤት ምንሽር ነበር። አባቴ ጥይቱን በፍሬ ነበር የሚቆጥረው። የሚተኮሰው ትልቅ ሰው ሲሞት ለቅሶ ላይ፣ ወይ ሠርግ ላይ ነው። ያውም አንድ ሁለት። እኔ ልጁ ላስ ቬጋስ በረሃ ውስጥ በአንድ ጠዋት 200 ጥይት ጨርሼ ቁርሴን ልበላ ወደ ቤቴ እሄዳለሁ። ባለፈው 50 ፍሬ ያለበትን የ9 ሚሊሜትር ሳጥን በ14 ዶላር ነው የገዛሁት። ከአንድ ዶሮ ወጥ ያነሰ ነው። አባቴ ይህን ቢሰማ መጀመሪያ አያምንም፣ ሲያምን ደግሞ ይቆጣል።

ጠመንጃውን ያወቅሁት በራሴ መኪና የኋላ ወንበር ነው። ሥራዬ ሰው ማመላለስ ነው። በየዓመቱ ጃንዋሪ ሾት ሾው የሚባለው የጦር መሣሪያ ንግድ ትርኢት ቬኔሽያን ሆቴል አጠገብ ይደረጋል። ለነጋዴና ለባለሙያ ብቻ ስለሆነ እኔ አልገባም። የሚገቡትን ግን ከኤርፖርት የማመጣቸው እኔ ነኝ። አንድ ዓመት ሁለት ሰዎች ጫንኩ። መንገዱን ሙሉ ስለ ታጣፊ ካርባይን፣ ማለትም ስለሚታጠፍ አጭር ጠመንጃ፣ ሲከራከሩ ሰማኋቸው። አንደኛው፣ "ቦርሳህ ውስጥ ትከተዋለህ፣ መኪናህ ውስጥ ታስቀምጠዋለህ፣ አለቀ" ይላል። እኔ በመስታወት እያየሁ፣ "ወንድሜ፣ ለኔማ አይሆንም" አልኩ በልቤ። የምሠራባቸው መተግበሪያዎች ሾፌር መሣሪያ እንዲይዝ አይፈቅዱም። ቢፈቅዱም ጁላይ ላይ ቬጋስ ፀሐይ ላይ የቆመ መኪና ውስጥ ጠመንጃ ትቼ አልተኛም። መስኮት ሰባሪው ብዙ ነው።

እኔን የሳበኝ ሌላ ነገር ነው። አፓርታማ ነው የምኖረው። ሁለት ልጆች አሉኝ። ቁም ሳጥኔ ወለል ላይ በብሎን የታሰረች ትንሽ ካዝና አለችኝ። (የገንዘብ ዓይነቷን ካዝና ማለቴ ነው። አማርኛችን የጥይቱንም የብሩንም ካዝና ይለዋል፣ ምን ላድርግ።) ውስጧ ርዝመቱ 50 ሴንቲ ሜትር አይሞላም። መደበኛ ጠመንጃ አትይዝም። ኔቫዳ ውስጥ ልጅ ሊያገኘው በሚችልበት ቦታ መሣሪያን በቸልተኝነት ማስቀመጥ በሕግ ያስጠይቃል። ሕጉ ባይኖርም የ7 ዓመቱ ልጄ ያልከፈተው የቤታችን መሳቢያ የለም። ስለዚህ ጥያቄዬ አጭር ነበር። እዚያች ሳጥን ውስጥ የሚገባ፣ ግን ሲዘረጋ ትከሻ ላይ የሚያርፍ ጠመንጃ አለ ወይ?

አለ። ሁለቱን ሞከርኩ።

መጀመሪያ ኬልቴክ የሚሠራውን ሰብ 2000 ልናገር። ኬልቴክ ፍሎሪዳ ውስጥ ኮኮ የምትባል ከተማ ያለ ፋብሪካ ነው። ያቋቋመው ጆርጅ ኬልግረን የሚባል ስዊድን የተወለደ ንድፍ አውጪ ነው። ጠመንጃው በ2001 ነው የወጣው (ዓመቶቼ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው)። እኔ የያዝኩት በ2015 የመጣውን ሁለተኛውን ትውልድ ነው። የአንድ የሰፈራችን ልጅ ነው፤ "ሞክረው፣ ከወደድከው እሸጥልሃለሁ" ብሎ።

ስታነሳው መጀመሪያ የሚገርምህ ክብደቱ ነው። ወደ 2 ኪሎ ይጠጋል፣ አይሞላም። አብዛኛው ፕላስቲክ ነው። ሲታጠፍ 41 ሴንቲ ሜትር ገደማ፣ ሲዘረጋ ከ75 ትንሽ ያልፋል። በርሜሉ 16 ኢንች ከምናምን ነው። ያቺ 16 እንዲሁ አልመጣችም። ከ1934 ጀምሮ ባለው የፌዴራል ሕግ በርሜሉ ከ16 ኢንች ያነሰ ጠመንጃ ሌላ ምዝገባ ውስጥ ይገባል። ስለዚህ ፋብሪካዎቹ ሁሉ መስመሯን ነካ አድርገው ያልፏታል። በርሜሉን ማሳጠር ካልተቻለ ቀሪው መንገድ ማጠፍ ነው።

አስተጣጠፉ እንዲህ ነው። ካዝናውን ታወጣለህ። ማቀባበያውን ስበህ ውስጡ ባዶ መሆኑን በዓይንህ ታያለህ፣ በጣትህም ትነካለህ። ከዚያ የቃታውን ከለላ ወደ ታች ትስባለህ። ቀጭ ይላል። በርሜሉ ከወገቡ ተላቆ ወደ ላይ ይነሳና ጀርባው ላይ ተገልብጦ ይተኛል። ጫፉ ሰደፉ አጠገብ ያለች መያዣ ውስጥ ይገባል። ሦስት ሴኮንድ ነው። ታጥፎ እያለ አይተኩስም።

አሁን ቆም በልና አስብ። በርሜሉ ሲገለበጥ አፈሙዙ ወዴት ዞረ? ወደ አጣፊው። ልጅ ሆነን "አፈሙዝ ወደ ሰው አይዞርም" ተብለን ነው ያደግነው፤ ይሄ ግን በተፈጥሮው ይዞራል። እኔ መጀመሪያ ቀን ሳጥፈው እጄ ተንቀጠቀጠ ማለት ይቻላል። ባዶነቱን ሦስት ጊዜ ነው ያየሁት። አሁንም ሁለት ጊዜ አያለሁ። ደግሞ ልክ ተኩሰህ እንደጨረስክ ለማጠፍ አትቸኩል። በርሜሉ ይግላል። እኔ ቸኩዬ ሌባ ጣቴ ላይ ትንሽ ማስታወሻ አትርፌያለሁ።

የሞከርኩበት ቦታ ከከተማችን በስተ ሰሜን፣ ዲካተር መንገድ ሲያልቅ ያለው የክላርክ ካውንቲ የተኩስ ማዕከል ነው። 2900 ኤከር ላይ ያረፈ የሕዝብ ቦታ ነው። ቅዳሜ በጠዋት ከደረስክ ነፋሱ ሳይነሳ ትጀምራለህ። ተቆጣጣሪው "ተኩስ አቁም" ሲል ሁሉም መሣሪያውን ከፍቶ አስቀምጦ ከመስመሩ ወደ ኋላ ይላል። ወረቀት መቀየር የሚቻለው ያኔ ነው። ከጎኔ የነበሩ አንድ ነጭ ሽማግሌ ጠመንጃውን ስዘረጋው አይተው፣ ምንም ሳይሉ ራሳቸውን ነቀነቁ። አጎቴን መሰሉኝ።

በ25 ያርድ ያለ ምንም መነጽር፣ በራሱ ማነጣጠሪያ ተኮስኩ። ኋላ ትንሽ ቀዳዳ አለች፣ ፊት ደግሞ ቀጥ ያለች ዘንግ። ጥይቶቹ የሲኒ ማስቀመጫ በምታክል ቦታ ተሰበሰቡ። በ50 ያርድ የእንጀራ ሰሃን መሃል ብትሆን ነው። ለኔ ዓይን ይበቃል። 100 ያርድ ላይ ግን 9 ሚሊሜትር ነገሩ ያልቅበታል። ጥይቱ ከሽጉጥ ሲወጣ በሰከንድ 350 ሜትር ገደማ ይሄዳል፤ ከዚህ ረጅም በርሜል ሲወጣ ወደ 400 ይጠጋል። ጭማሪ ነው፣ ግን ተአምር አይደለም። በ50 ያርድ አስተካክለህ 100 ላይ ብትተኩስ ከ10 ሴንቲ ሜትር በላይ ዝቅ ብሎ ታገኘዋለህ።

ምቱን በተመለከተ ተሞኝቼ ነበር። "የሽጉጥ ጥይት ነው፣ ትከሻ ላይ ምን ይሰማል?" ብዬ። ይሰማል። ምክንያቱ ቀላል ነው። እንዲህ ዓይነት ጠመንጃ ውስጥ በርሜሉን የሚቆልፍ ነገር የለም። ጥይቱ እስኪወጣ ድረስ ኋላውን የሚዘጋው የአንድ ብረት ክብደትና የሞላ ግፊት ብቻ ነው። ያ ብረት ከባድ መሆን አለበት። ሲመለስ ደግሞ ሰደፉ ቱቦ ውስጥ ገብቶ ነው የሚመለሰው። ጉንጭህ ያረፈው እሱ ቱቦ ላይ ነው። አያምም። ግን ጉንጭህ ሥር በር የሚከፍትና የሚዘጋ ሰው ያለ ይመስላል። 30 ጥይት ድረስ ያስቃል። ከ100 በኋላ ጉንጭህን ማሸት ትጀምራለህ። ቃታውም ከበድ ይላል። የለመድኩት የሽጉጤ ቃታ ስለሆነ ሊሆን ይችላል።

ባለቤቴ አንድ ካዝና ተኩሳ አስቀመጠችው። "እንዴት ነው?" አልኳት።

"ጉንጬን እየቆነጠጠ ኢላማ ምታ የሚል አስተማሪ ነው" አለችኝ።

ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ማንም ሳይነግረኝ በራሴ የደረስኩበት ነው። የዛሬ ሰው ያለ ሬድ ዶት፣ መስታወቱ ላይ ቀይ ነጥብ ከምታሳየው ማነጣጠሪያ፣ አይተኩስም። ቀይ ነጥቧን ኢላማው ላይ ማድረግ ነው፣ አለቀ። ሰብ 2000 ሁለተኛው ትውልድ ላይ ሬድ ዶት መግጠም ይቻላል። ግን በርሜሉ የሚገለበጠው ሬድ ዶቱ በሚቀመጥበት በኩል ነው። ስለዚህ ለማጠፍ ትነቅለዋለህ፣ ለመዘርጋት መልሰህ ትገጥመዋለህ። "ምን አለበት?" አልኩ። ከኢንተርኔት አንድ ርካሽ፣ የሚነቀል የሬድ ዶት መያዣ ገዛሁ። 50 ያርድ ላይ አስተካክዬ 10 ጥይት ተኮስኩ፣ ጥሩ። ነቀልኩት፣ አጠፍኩት፣ ዘረጋሁት፣ መልሼ ገጠምኩት። ሌላ 10 ተኮስኩ። ጥይቶቹ መዳፍ በሚያህል ወደ ግራ ተሰደዱ። መያዣው ነው ጥፋተኛው፣ አውቃለሁ። ጥሩ መያዣ ቢሆን በመጠኑ ይሻላል። ግን አስበው፤ ጠመንጃውን የምታጥፈው ሁልጊዜ ነው። ካጠፍከው ቁጥር ኢላማህን እንደገና የምታስተካክል ከሆነ መታጠፉ ምን ጠቀመህ? በኋላ የመጣው ሦስተኛው ትውልድ ይህንኑ ችግር ለመፍታት የፊት እጀታው እንዲዞር አድርጎ ነው የወጣው። እሱን አልተኮስኩትም።

ሁለተኛው ስሚዝ ኤንድ ዌሰን በ2023 ያወጣው ኤፍፒሲ ነው። ያው 9 ሚሊሜትር፣ ያው 16 ኢንች ከሩብ በርሜል። ታጥፎም ያን ያህል ነው። ግን የሚታጠፈው ወደ ላይ ሳይሆን ወደ ጎን ነው፣ እንደ በር። ስለዚህ ሬድ ዶቱ ባለበት ይቀመጣል። ሰደፉ ሥር ሁለት ትርፍ ካዝና ይይዛል። ክብደቱ ግን 2.3 ኪሎ ገደማ ነው። ሲዘረጋ ደንደን ያለ ነገር ነው፣ ትከሻ ላይ ይረጋል። ባለቤቴ ወዲያው ወደደችው። በኪራይ የሰጠን ልጅ ሁለት ጊዜ "ሰዓቱ አልቋል" አላት።

ታዲያ ለምን እሱን አልገዛሁም? የጥይት ካዝና ነው ምክንያቱ። ኤፍፒሲ የሚበላው የራሱን ፋብሪካ ሽጉጥ ካዝና ነው። እኔ ያለኝ ሽጉጥ ግሎክ 19 ነው። ስምንት ካዝና ሰብስቤያለሁ፣ ባለ 15 ጥይት። ሰብ 2000 ደግሞ ስትገዛው የምን ካዝና እንደሚበላ መርጠህ ነው፤ የግሎክ አለው፣ የሌሎችም አለው። የሰፈራችን ልጅ ጠመንጃ የግሎክ 19 እጀታ ያለው ነው። የኔን ባለ 15 ይበላል፣ ረዘም ያለውን ባለ 17ም ይበላል። ቅዳሜ አንድ ዓይነት ጥይት፣ አንድ ዓይነት ካዝና ይዤ ሽጉጡንም ጠመንጃውንም እተኩሳለሁ። አዲስ ካዝና ስምንት ብትገዛ ዋጋው ራሱን የቻለ ነው። ሻጭ ስለ መታጠፉ ብቻ ያወራልሃል። አንተ መጀመሪያ ቤትህ ያለውን ካዝና አይተህ ግባ።

ስለዚህ ሬድ ዶቱን ሸጥኩት። በዚያችው ቀዳዳና ዘንግ እተኩሳለሁ። የማይነቀል ነገር አይዛባም። ጉንጬን በተመለከተ ደግሞ የትልቁን ልጄን አሮጌ የኳስ ካልሲ ጫፉን ቆርጬ ቱቦው ላይ አጠለቅሁት። ከላይ አንዴ በላስቲክ አሰርኩት። ማቀባበያው ከሥር ስለሚመላለስ ካልሲው እንዳይነካው ወደ ኋላ ሳብ ማድረግ ያስፈልጋል። ከዚያ በኋላ 200 ጥይት ተኩሼ ጉንጬን ረሳሁት።

ግዢው ከጓደኛ ስለሆነ እጅ በእጅ ማድረግ የሚቻል የሚመስለው ሰው ይኖራል። ኔቫዳ ከ2020 ጀምሮ በግለሰቦች መካከል የሚደረግ ሽያጭም ፈቃድ ባለው ሻጭ በኩል ምርመራ እንዲያልፍ ይጠይቃል። ሁለታችን ሱቅ ሄደን፣ እኔ 4473 የሚባለውን የፌዴራል ቅጽ ሞልቼ ነው የተረከብኩት። እዚህ ላይ ለኛ ሰዎች የምላት አለችኝ። ግሪን ካርድ ያለው ሰው መግዛት ይችላል። ቱሪስት ወይም ተማሪ ቪዛ ላይ ያለ ግን በጥቅሉ መያዝም አይችልም፣ ጥቂት ልዩ ሁኔታዎች ካልሆኑ በቀር። መያዝ ማለት መግዛት ብቻ አይደለም። ለሠርግ የመጣውን የአክስትህን ልጅ "ና አንድ ሁለት ተኩስ" ብለህ ከመውሰድህ በፊት ጠበቃ ጠይቅ። ለፎቶ የሚሆን ነገር አይደለም። ደግሞ ኔቫዳ ውስጥ ማሪዋና በሱቅ ይሸጣል ብለህ ቅጹ ላይ እንዳትሳሳት፤ የፌዴራሉ ሕግ ያንን አይቀበልም።

ሌላው ነገር መንገድ ነው። ሎስ አንጀለስ ያለው የአጎቴ ልጅ "ይዘኸው ና፣ እኛም እንሞክረው" አለኝ። ፌርፋክስ ላይ ክትፎ ይጋብዘኛል። በ15 ቁጥር አውራ ጎዳና አራት ሰዓት ተኩል ብትነዳ ነው። ግን ድንበር ላይ ያለችውን ፕሪምን አልፈህ ካሊፎርኒያ ስትገባ ሕጉ ሌላ ነው። ካሊፎርኒያ ካዝናው የሚወጣ፣ ራሱ የሚያቀባብል ጠመንጃ ሰደፉ ከታጠፈ ወይም እንደኔው የሽጉጥ ዓይነት እጀታ ካለው ከተከለከሉት ውስጥ ይመድበዋል። ከ10 ጥይት በላይ የሚይዝ ካዝናም ጣጣ ነው። የኔ ባለ 15 ስምንቱም ማለት ነው። የ1986ቱ የፌዴራል ሕግ መነሻህም መድረሻህም ላይ የተፈቀደልህን መሣሪያ ባዶ አድርገህ፣ እጅህ በማይደርስበት ቆልፈህ እንድታልፍ ይፈቅዳል። እኔ ግን ማለፌ አይደለም፣ መድረሻዬ እዚያው ነው። ክትፎውን ባዶ እጄን ሄጄ በላሁት።

አሁን ሳጥኔ ውስጥ ነው። ገባ፣ 41 ሴንቲ ሜትሩ በሰያፍ አይደለም፣ ቀጥ ብሎ። ከጎኑ ሽጉጡ ይቀመጣል። ጥይቱ ሌላ ቦታ ተቆልፏል። ባለቤቴ ኤፍፒሲውን እስካሁን ታነሳለች። "የሱ ካዝና ስንት ይሆናል?" ብላ ዋጋ ስትጠይቅ ሰምቻታለሁ። ምናልባት ለገና።

ቪዲዮ ቀርጬ ለአጎቴ በቴሌግራም ላክሁላቸው። ሳጥፈው፣ ስዘረጋው፣ አምስት ጥይት ስተኩስ። ኔትወርክ ሲገኝ ማታ ደወሉ። ልጆቹን ሰብስበው ሦስት ጊዜ አይተውታል። ስለ አጣጠፉ ምን ይሉ ይሆን ብዬ ጠበቅሁ።

"እንደው ልጠይቅህ" አሉኝ። "ያ ሰደፉ ላይ የተጠለቀው ካልሲ ነው?"

"አዎ ጋሼ።"

"ታጥቧል?"